19ኛዋ ደቂቃ

ዛሬ የማወራችሁ ስለ አንድ ቡልጋሪያዊ ኳስ ተጫዋች ነው። ኳስ የማይወድ አንባቢ ገጹን ለመግለጥ ጣቱን ምራቅ ሲያስነካ ይታየኛል። ትንሽ ታገሡኝ። እኔም ብሆን የኳስ ሰው አይደለሁም፤ «ከጨዋታ ውጪ» የሚሏት ነገር እንኳ በወጉ የገባችኝ ፀጉሬ መሸበት ከጀመረ በኋላ ነው። ሰውየውን ያወቅኩት በታላቅ ወንድሜ ምክንያት ነው። እስከ ዛሬ ያልረሳሁትም በእሱው ምክንያት ነው።

ወንድም ጋሼ (ታላቄን የምጠራው እንዲህ ነው) እንደ ግማሹ የአዲስ አበባ ሕዝብ የአርሴናል ደጋፊ ነበር። ነገር ግን አማካይ ተጫዋች ከሆነ የጠላት ቡድንም ይሁን አይጠላም። ራሱ የሰፈራችን ጤና ቡድን አማካይ ነበራ! ጤና ቡድን ለማታውቁ፣ ቦርጭ ያወጡ አባወራዎች እሑድ ጠዋት ጠዋት «ለጤናችን ነው» እያሉ ተራግጠው፣ ተጣልተው፣ ከዚያ ቁርስ በልተው የሚታረቁበት ማኅበር ነው። አንድ ቀን «አማካይ ግን ምንድነው የሚሠራው? አያገባ፣ አያድን» ብዬ ብጠይቀው፣ «የሠርግ ቤት አሳላፊ በለው» አለኝ። «ሁሉ ሲደርሰው ማንም አያየውም። እሱ የቀረ ቀን ነው ወጡ የት ገባ የሚባለው።»

እንግዲህ ስቲልያን ፔትሮቭ እንዲህ ያለው አሳላፊ ነበር።

ቡልጋሪያ ሲባል መቼም ብዙዎቻችን ትዝ የሚለን የ1994ቱ የዓለም ዋንጫ ነው (ዘመኑ የፈረንጆቹ ነው፤ ከዚህ በታችም ካልነገርኳችሁ በቀር እንዲሁ ያዙት)። ስቶይችኮቭ በግራ እግሩ፣ ሌችኮቭ በራሰ በራው ጭንቅላቱ ጀርመንን ያህል ቡድን አገሩ የሸኙበት ዘመን። ጀርመን የተሸነፈ ዕለት ፔትሮቭ 15 ዓመት ከሞላው ገና አምስተኛ ቀኑ ነበር። የተወለደው በሰሜን ምዕራብ ቡልጋሪያ ባለች ከተማ ሲሆን፣ ሲወለድ ከተማዋ ሚሃይሎቭግራድ ትባል ነበር፤ ኮሚኒስቶቹ ከወደቁ በኋላ፣ በ1993፣ ሞንታና ተባለች። ይሄ ለእኛ ብርቅ አይደለም። ናዝሬት ብሎ ተሳፍሮ አዳማ የወረደ ስንቱ ነው!

ገና በአሥራዎቹ ዕድሜ ሳለ የጦር ሠራዊቱ ክለብ ሲኤስኬኤ ሶፊያ ወሰደው። የእኛን መቻል በሉት። በ1999 ደግሞ፣ 20 ዓመት እንደሞላው፣ የስኮትላንዱ ሴልቲክ ሁለት ሚሊዮን ፓውንድ ያህል ከፍሎ ግላስጎው አመጣው። ልጁ እንግሊዝኛ አይችልም። ዘመድ የለው፣ ጓደኛ የለው፤ ዝናቡ ደግሞ ዓመቱን ሙሉ ነው። አሠልጣኙ ጆን ባርንስ አንዳንዴ ከቦታው አውጥቶ የቀኝ ተከላካይ ያደርገዋል። በ2000 መጀመሪያ ላይ ሴልቲክ በገዛ ሜዳው በኢንቨርነስ ካሌዶኒያን ቲስል 3 ለ 1 ተሸንፎ ከስኮትላንድ ዋንጫ ሲወጣ ባርንስም ተሰናበተ። ፔትሮቭ በዚያ ሰሞን ሻንጣውን ሸክፎ ወደ አገሩ መመለስ እስኪያምረው ድረስ ባይተዋርነቱ ከብዶት እንደነበር በኋላ ራሱ ተናግሯል።

አሁን የምነግራችሁን ወንድም ጋሼ ሳይስቅ ጨርሶት አያውቅም። ፔትሮቭ ግላስጎው ውስጥ በመኪና ላይ በርገር የሚሸጥ ወዳጅ ነበረው። እናላችሁ፣ ቋንቋ ልልመድ ብሎ እዚያች መኪና ውስጥ እየገባ በርገር መሸጥ ጀመረ። ሁለት ሚሊዮን ፓውንድ የተከፈለበት ሰው «ሽንኩርት ይግባበት?» እያለ ሲጠይቅ ይታያችሁ። እኛ የምናውቀው የዚህን ግልባጭ ነው። አዲስ አበባ ላይ አስተማሪ የነበረ ሰው ዋሽንግተን ይሄድና መኪና ማቆሚያ ውስጥ ይቀጠራል፤ እንግሊዝኛውን የሚያጠናው ከዚያች ሥራ ለመውጣት ነው። ፔትሮቭ ግን ሥራው ሞልቶ ተርፎት፣ ለእንግሊዝኛው ሲል ዝቅ አለ። «ዝቅ አለ» ያልኩት ይታረምልኝ። ሰው አጠገብ ሄደ ማለቴ ነው። የግላስጎው ሰው ንግግር ለእንግሊዞቹም ትርጁማን ሳያስፈልገው አይቀርም ይባላል፤ እሱ ግን እንግሊዝኛን የተማረው እዚያው በመሆኑ ዛሬም ሲናገር የዚያች ከተማ ለዛ አለበት። ሰዎቹም ስሙን አሳጥረው «ስታን» አሉት። ሰው ስምህን ካሳጠረልህ መቼም ቤተኛ ሆነሃል ማለት ነው።

በ2000 ክረምት ማርቲን ኦኒል የሚባል የሰሜን አየርላንድ ሰው አሠልጣኝ ሆኖ መጣና መሐል ሜዳ ላይ አቆመው። በዚያው የውድድር ዘመን ሴልቲክ የስኮትላንድን ሦስት ዋንጫዎች ጠራርጎ ወሰደ። ፔትሮቭ የዓመቱ ምርጥ ወጣት ተጫዋች ተብሎ ተሸለመ፤ ሆኖም በ2001 ከሴንት ጆንስተን ጋር ሲጫወቱ እግሩ ተሰብሮ የመጨረሻዎቹን ወራት ከሜዳ ውጪ ነው ያሳለፈው። ከዚያ ድኖ ተመለሰ። ሴልቲክ ቤት ሰባት ዓመት ቆይቶ አራት የሊግ ዋንጫ አነሣ። በ2003 ለዩኤፋ ካፕ ፍጻሜ ሴቪያ ድረስ ሄደው በሞሪንሆ ፖርቶ በጭማሪ ሰዓት 3 ለ 2 ተሸነፉ። ያን ቀን ሰማንያ ሺህ ያህል የሴልቲክ ደጋፊ ስፔን ገባ ይባላል፤ አብዛኛው የመግቢያ ትኬት እንኳ አልነበረውም። ግጥሚያውን በስታዲየም ላያይ ያን ሁሉ አገር አቋርጦ የሚሄድ ሰው! እኔ ይሄን ስሰማ እብደት ነው ብዬ ነበር። ወንድም ጋሼ ግን «ለቅሶ ቤት ስትሄድ ሬሳውን ልታይ ነው እንዴ የምትሄደው?» አለኝ።

ለአገሩም ተጫውቷል። በ2004 የአውሮፓ ዋንጫ አምበል ነበር፤ ቡልጋሪያ ሦስቱንም ግጥሚያ ተሸነፈች፣ እሱም ከዴንማርክ ጋር ሲጫወቱ በቀይ ወጣ። በ2006 ከአሠልጣኙ ከስቶይችኮቭ ጋር ተኳረፈና «በቃኝ» አለ። ኩርፊያው ሲበርድ ተመልሶ፣ ለብሔራዊ ቡድኑ ከመቶ ጊዜ በላይ ተሰለፈ።

በዚያው በ2006 አሠልጣኙን ኦኒልን ተከትሎ ወደ እንግሊዝ፣ ወደ አስቶን ቪላ ተሻገረ። መጀመሪያ ላይ ደጋፊው ሰውየው ምን እንደሚሠራ አልገባውም፤ እንደ እኔ ማለት ነው። በ2008 ደርቢን 6 ለ 0 ሲያሸንፉ፣ በረኛው የመለሳትን ኳስ ከአርባ ሜትር በላይ ርቀት ላይ ሳታርፍ መትቶ አገባት። ወንድም ጋሼ ያቺን ጎል በስልኩ ጭኖ ለጤና ቡድኑ ሁሉ አሳይቷል፤ በማግሥቱ እሑድ ሁሉም ከመሐል ሜዳ እየመታ ኳሷን ከአጥር ውጪ ስትለቀም ተዋለ። ፔትሮቭ በ2009 አምበል ሆነ። በ2010 የሊግ ካፕ ፍጻሜ ቡድኑን እየመራ ወደ ዌምብሌይ ገባና በማንቸስተር ዩናይትድ 2 ለ 1 ተረታ። ቪላ በእነዚያ ዓመታት ሦስት ጊዜ በተከታታይ ስድስተኛ ወጣ። ዋንጫ አይደለም፤ ግን ክብር ነው።

እንግዲህ ያ የኳሱ ወሬ ነበር።

በእኛ አቆጣጠር 2004 ዓ.ም. ጥር ላይ ወንድም ጋሼ ይደክመው ጀመር። ደረጃ ሲወጣ ይቆማል። ትኩሳት ይመጣል፣ ይሄዳል። ምንም ሳይመታው ክንዱ ላይ ይበልዛል። ጤና ቡድኑ ውስጥ «ዕድሜ ነው፣ ተቀያሪ ወንበር ተዘጋጅቶልሃል» እየተባለ ተቀለደበት። ምርመራው ሲያልቅ ሐኪሙ እኔንና እህቴን ኮሪደር ላይ አስወጥቶ ነገረን። የደም ካንሰር፤ ያውም ጊዜ የማይሰጠው ዓይነት። መቅኔ ውስጥ ለአካለ ጤና ያልደረሱ ነጭ የደም ሕዋሳት ይፈለፈላሉ፤ ሜዳውን ሞልተው ደህናውን ደም መቆሚያ ያሳጡታል። «ለእሱ እንዴት እንደምትነግሩት እናንተ ታውቃላችሁ» ብሎን ሄደ።

እኛ ደግሞ እንዴት እንደምንነግረው ሳይሆን እንዴት እንደማንነግረው ነበር የምናውቀው። እናቴ «ለልጄ እንዳትነግሩት፤ በሽታው ሳይሆን ወሬው ይገድለዋል» አለች። ተማከርን። ለእሱ «የደም ማነስ ነው» ተባለ። ለጎረቤት «ታይፎይድ ነው» ተባለ። ታይፎይድ አገራችን ውስጥ የማይሸፍነው ጉድ የለም። ጠያቂው ብርቱካኑን ይዞ ይመጣል፣ «ታይፎይድ ክፉ ነው፤ እኔንም አምና ጥሎኝ ነበር» ይላል፣ ወንድም ጋሼ ግራ ገብቶት ያየናል፣ እኛ ቡና እንቀዳለን።

ከዚያ ደም ያስፈልገዋል ተባለ። ለእያንዳንዱ ከረጢት ምትክ የሚሰጥ ሰው አምጡ ነበር የሚባለው። እኔ ሰጠሁ፣ የእህቴ ባል ሰጠ፣ ሁለት የአክስቴ ልጆች ሰጡ። ከዚያ ወዲያ ጭንቅ ሆነ። ታይፎይድ ለያዘው ሰው ደም ስጡ ብሎ መለመን አይቻልማ። ሰው «ለምን?» ይላል። ስለዚህ የማይጠይቁ ሰዎችን ፍለጋ ከተማውን ስዞር ሰነበትኩ፤ አንድ ሁለቴም ገንዘብ ተቀብለው የሚሰጡ ወጣቶች ለምኛለሁ። ይሄን ስጽፍ አፍራለሁ።

መጋቢት 15 ቅዳሜ ነበር፤ ሁዳዴ ጾም። ከሆስፒታል ወጥቶ ቤት ነው ያለው። አርሴናል ከአስቶን ቪላ ይጫወታል። «ዲኤስቲቪ ቤት ውሰደኝ» አለ። ሐኪሙ ሰው ከበዛበት እንዳይገባ፣ ሰውነቱ ጉንፋን እንኳ መቋቋም እንደማይችል ነግሮን ነበር። ግን ምክንያቱን ሳልነግረው በምን አፌ ልከልክለው? ለደም ማነስ ሰው ይከለከላል? ጋቢ ደርቤለት ወሰድኩት። አርሴናል 3 ለ 0 አሸነፈ፤ ጊብስ፣ ዋልኮት፣ አርቴታ። ወንድም ጋሼ በየጎሉ ፈገግ ይላል እንጂ አይጮኽም። በመሐል «ይሄ ፔትሮቭ ዛሬ ምን ነካው? እግሩ ከብዶታል» አለኝ። እውነት ከብዶት ይሁን ወይስ ወንድም ጋሼ የገዛ እግሩን አይቶበት እስካሁን አላውቅም።

ከዚያ ግጥሚያ በኋላ ፔትሮቭን ትኩሳት ያዘው። ደሙ ተመረመረ። ዓርብ ዕለት፣ ማርች 30 ቀን 2012፣ ክለቡ ለዓለም ሁሉ ተናገረ፤ አምበላችን አጣዳፊ የደም ካንሰር ይዞታል። 32 ዓመቱ ነበር። እንግዲህ ሳምንት ሙሉ ሳይቆይ፣ ምርመራው ገና ሳይደርቅ፣ የበሽታው ስም ከነአባቱ ተጠርቶ በጋዜጣ ወጣ። ሬዲዮ ላይ ስሰማው መጀመሪያ የመጣብኝ ሐዘን አይደለም፤ ቁጣ ነው። «ምን ዓይነት ሰዎች ናቸው! ሊገድሉት ነው እንዴ?» ብያለሁ።

በማግሥቱ፣ መጋቢት 22፣ ቪላ በሜዳው ከቼልሲ ጋር ይጫወታል። ወንድም ጋሼ ወሬውን አልሰማም። ሬዲዮኑን ባትሪው አልቋል ብዬ ደብቄበታለሁ። «ዛሬ እንኳ ቢቀርብን» ብለው «ባለፈው ሳምንት የደከመው ሰውዬ ተሻለው እንደሆነ ልየው» አለ። እንቢ የምልበት ምክንያት አጣሁ። ሄድን፤ ጥግ ላይ ያስቀመጥኩት አግዳሚ ላይ ተደግፎኝ ተቀመጠ።

ቼልሲ ቶሎ አንድ አገባና ቤቱ ተንጫጫ። ከዚያ ሰዓቱ 19ኛ ደቂቃ ላይ ሲደርስ፣ ኳሱ እየተጫወቱት ሳለ፣ ስታዲየሙ ተነሣ። የቪላም የቼልሲም ደጋፊ ቆሞ ያጨበጭባል። 19 የፔትሮቭ የማሊያ ቁጥር ናት፤ ሴልቲክም ሳለ ለብሷታል። ካሜራው ወደ ላይ ወጣና ከቤተሰቡ ጋር ተቀምጦ ግጥሚያውን የሚያየውን ፔትሮቭን አሳየን።

«ምን ሆኖ ነው?» አለ ወንድም ጋሼ።

«እንጃ» አልኩ።

ከፊታችን የተቀመጠ አንድ ጎረምሳ ዞር ብሎ፣ «አልሰማችሁም እንዴ ጋሼ? የደም ካንሰር ነው እኮ የያዘው!» አለ። ውጤት እንደሚናገር ሰው፤ በቃ እንደዚያው።

ወንድም ጋሼ ዓይኑን ከቴሌቪዥኑ አልነቀለም። ትንሽ ቆየና «እሱስ ያውቃል?» አለ።

«ማን?»

«ፔትሮቭ። የያዘውን ነገር ያውቃል?»

«ያውቃል» አልኩ። ድምፄ ለራሴም አልተሰማኝም።

«ለዚህ ነዋ ጠያቂው የበዛው» አለ።

ከዚያ ትከሻዬን ይዞ ተነሣና አጨበጨበ። ጋቢው ከትከሻው ተንሸራተተ። ጎረምሳው አየውና እሱም ተነሣ፤ ሌሎች ሦስት አራት ሰዎችም ተነሡ። ደቂቃዋ አለቀች። ቼልሲ 4 ለ 2 አሸነፈ። ወደ ቤት ስንመለስ መንገዱን ሁሉ ይጠይቀኛል ብዬ ጠበቅኩ። አልጠየቀኝም። እኔም አልነገርኩትም። ቤት ስንደርስ እናቴ ሽሮ አቀረበች፤ «ኳሱ እንዴት ነበር?» አለችው። «ጥሩ ነበር» አላት።

ሐምሌ መጀመሪያ ላይ ዐረፈ። ያ ክረምት የሹክሹክታ ክረምት ነበር፤ አገር ምድሩ የጠቅላይ ሚኒስትሩንም ሕመም በጆሮ ነበር የሚያወራው። ከቀብሩ በኋላ ብዙም ሳይቆይ፣ በኦገስት፣ የፔትሮቭ በሽታ ለሕክምናው እጅ ሰጠ ተባለ። ደስ አለኝ ብል ውሸት ነው። ለእሱ የተደረገለትን ሕክምና ከእኛው ጋር ማወዳደር ከንቱ መሆኑን አውቃለሁ፤ ቀናሁ። በሕክምናው ብቻ ቢሆን ደግ ነበር፤ የቀናሁት ግን በዚያች ደቂቃም ነው። የቪላ ደጋፊዎች ያቺን ደቂቃ በየግጥሚያው እየጠበቁ ሲያጨበጭቡ፣ ቀጣዩን የውድድር ዘመን ጨረሷት።

ፔትሮቭ በ2013 ጫማውን ሰቀለ። በስሙ ለካንሰር ሕሙማን የሚሠራ ድርጅት አቋቋመ። በዚያው ዓመት ሴፕቴምበር ላይ ለዚሁ ዓላማ ሴልቲክ ፓርክ ላይ የድሮ ጓደኞቹ ተሰብስበው ሲጫወቱ ስታዲየሙ ጢም ብሎ ሞላ። በ2016፣ በ37 ዓመቱ፣ እንደገና እሞክራለሁ ብሎ ከቪላ ጋር ልምምድ ጀመረ። አሠልጣኙ ዲ ማቴዎ ዕድል ሰጥቶት በወዳጅነት ግጥሚያዎች ተሰለፈ፤ ውል ግን አልፈረሙለትም። አልጋ ላይ የዋለ ሰው ከአሥራ ዘጠኝ ዓመት ልጆች ጋር ሲሮጥ ማየት ምን እንደሚያስብል እናንተው ፍረዱ። እኔ ግን ከዚህ ሁሉ የገረመኝ ሌላ ነው። ጫማውን ከሰቀለ በኋላ፣ በርሚንግሃም ውስጥ ከ35 ዓመት በላይ የሆናቸው አባወራዎች በሚጫወቱበት የሰንበት ሊግ ገብቶ ይጫወት ነበር። ጤና ቡድን ገባ በሉት! ያቺን ዜና ያነበብኩ ቀን ለብቻዬ ሳቅኩ፤ ከዚያ የወንድም ጋሼ ሠልስት ትዝ አለኝ።

ድንኳኑ ውስጥ ጤና ቡድኑ አንድ አግዳሚ፣ ሁለት አግዳሚ ሞልቶ ተቀምጧል። አንዳንዶቹ ከጋቢያቸው ሥር ማሊያቸውን ለብሰዋል። አምበላቸው፣ ሰፈር ውስጥ ጋራዥ ያላቸው ትልቅ ሰው፣ እጄን ይዘው ወደ ውጭ አወጡኝ።

«ታይፎይድ እንዲህ አይገድልም ልጄ» አሉኝ።

ነገርኳቸው። ስሙን ጮክ ብዬ ከቤተሰብ ውጪ ለሰው ስናገር የመጀመሪያዬ ነው። ትንሽ ዝም አሉ።

«ደም ይፈልጋል አይደል ይሄ በሽታ?»

«አዎ፤ በጣም።»

«ከየት አገኛችሁለት?»

«ከዚህም ከዚያም» አልኳቸው።

በድንኳኑ በር ወደ ውስጥ ተመለከቱ። አግዳሚው ላይ የተደረደሩትን ጎልማሶች አንድ በአንድ በዓይናቸው ቆጠሯቸው።

«ሃያ ስድስት ነን እኮ» አሉ።